ገርበብ ያለው በር

በቅርቡ የጎረቤቴ ልጅ እጄን ይዛ አንድ የፊልም ዝግጅት ላይ ወሰደችኝ። «እትዬ፣ እርስዎ ፊልም ይወዱ የለ?» ብላ ነው። አዳራሹን የሞሉት ወጣቶች ናቸው። የታየውም የድሮ ታዋቂ ፊልሞች ተቆራርጠው፣ ታሪካቸው ወጥቶ፣ እንደገና በሌላ ቅደም ተከተል የተቀጣጠሉበት አጭር ሥራ ነው። አንዲት ሴት ፊቷን ታዞራለች፤ ደግማ ታዞራለች፤ አሁንም ታዞራለች። ባቡር ይመጣል፣ ሳይደርስ ይቆረጣል፣ በቦታው ዝናብ ይዘንባል። እውነቴን ነው፣ ደስ ብሎኝ ነበር የማየው።

ደሜ የፈላው ፊልሙ አልቆ አንድ ሸበቶ ሰውዬ ማብራሪያ ሊሰጥ መድረክ ላይ ሲወጣ ነው። «ይህ ዓይነቱ አሠራር ለአገራችን ፍጹም አዲስ ነው» አለ። «በተለይ በደርግ ዘመን እንዲህ ያለውን የሚሠራ ቀርቶ የሚያስብም አልነበረም።» ሰዉ አጨበጨበ። የምን ማጨብጨብ ነው? ማን ነገረው? ማንን ጠየቀ? እጄን አወጣሁ። ማይክራፎኑ ሌላው ጋ ሲዞር ሲዞር ቆይቶ እኔ ጋ ሊደርስ ሲል ሰዓት አልቋል ተባለ። መንገድ ላይ ልጅቷ «እትዬ፣ ምን ሊሉ ነበር?» አለችኝ። ልል የነበረው ይኸውና።

እኔ ፊልም ጠጋኝ ነበርኩ። እንዲህ የሚባል ሥራ መኖሩን ዛሬ የሚያውቅ የለም። ያኔ ፊልም ማለት ረጅም፣ በየሲኒማ ቤቱ የሚዞር፣ በዞረ ቁጥር የሚቀደድ ነገር ነው። ከልደታ ቤተ ክርስቲያን ወደ ጠመንጃ ያዥ በሚወስደው መንገድ ላይ አንድ ከባለቤቱ የተወረሰ መጋዘን ነበር። የተቀደደ ፊልም የሚመጣው እዚያ ነው። ጠረጴዛዬ መሐሉ ላይ መስታወት አለው፤ ከመስታወቱ ሥር አምፖል ይበራል። በግራ ጥቅሉ፣ በቀኝ ባዶው መጠቅለያ፣ እጄ ላይ መቀስና ምላጭ፣ አጠገቤ አሴቶን አሴቶን የሚሸት ማጣበቂያ። የተጎዳውን ቦታ ከሁለት በኩል ቆርጬ አወጣለሁ፣ ጫፍና ጫፉን ገጥሜ አጣብቃለሁ። ተቆርጦ የወጣው ካርቶን ውስጥ ይገባል። ካርቶኑ ሲሞላ ግቢው ውስጥ ይቃጠላል።

ከካርቶኑ በተጨማሪ ደግሞ እንዲጠፉ የተፈረደባቸው ፊልሞች ነበሩ። አብዮቱ ከመጣ ወዲህ ግማሾቹ የኢምፔሪያሊስት ናቸው፣ ግማሾቹ ፊውዳሉን ያሞግሳሉ ተባለ። እናቶቻችን ያለቀሱባቸው የህንድ ፊልሞች፣ ወጣቱ ኮፍያ አደፋፉን የተማረባቸው የካውቦይ ፊልሞች፣ ስንቱ የሥራ ልብሱን ሳያወልቅ እየሮጠ የገባባቸው የሰይፍና የጋሻ ፊልሞች እንደ ጥራጊ መደርደሪያ ላይ ተከመሩ። ቆራርጬ ለሌሎቹ መጠገኛ እንድጠቀምባቸው ታዘዝኩ። ይህ በራሱ ያበግነኛል። ሰው የለፋበትን ነገር ዓይንህ እያየ ቁረጥ መባል ቀላል አይደለም።

የኔ ሥራ የተጀመረው በስህተት ነው። አንድ ቀን የሁለት ፊልም ቁራጮች ጠረጴዛው ላይ ተቀላቀሉብኝና ሳላስተውል ገጠምኳቸው። የጠገንኩትን ማሽን ላይ አጫውቶ የሚፈትሽ አንድ ጋሼ የምንለው አንጋፋ የማሽን ሠራተኛ ነበር። ከማሽኑ ክፍል የሳቅ ድምፅ ስሰማ ሮጥኩ። ካውቦዩ ሽጉጡን ታጥቆ የመጠጥ ቤቱን በር በእግሩ በርግዶ ይከፍታል፤ በዚያው በር ግን የገባችው አንዲት የህንድ ሙሽራ ናት፣ እንባዋን እየጠረገች፣ የእግሯ አልቦ እየጮኸ። ጋሼ እንባው እስኪወርድ ይስቃል።

«ይቅርታ ጋሼ፣ አሁን አስተካክለዋለሁ» አልኩት።

«እንዳትነኪው! ይሄ ከሁለቱም ይሻላል» አለኝ። ቀጥሎ ሳቁ ጠፋና «እስቲ ድገሚው። ለምን እንደሆነ አላውቅም፣ መጨረሻ ላይ ሆዴን ባር ባር አለው» አለ።

እኔንም ያለኝ እሱ ነው። ከዚያ ቀን ጀምሮ በር መልቀም ጀመርኩ። በር የሌለው ፊልም የለም። የሀብታም በር፣ የእስር ቤት በር፣ የቤተ መንግሥት በር፣ በነፋስ የሚንቋቋ የጎተራ በር። ሰዎቹን እየቆረጥኩ አወጣለሁ፤ እጅና በር ብቻ አስቀራለሁ። አንዱ ይከፈታል፣ ሌላው ይዘጋል። አንዱ ቀስ ብሎ፣ አንዱ ተንደርድሮ። ድምፃቸውም አብሮ ስለሚቆረጥ የተቀጣጠለው ፊልም ሲጫወት ሲጢጥ፣ ድው፣ ቀጭ፣ ቋ ይላል፤ አልፎ አልፎም በማላውቀው ቋንቋ ግማሽ ቃል ይሰማል። ምሳ ሰዓት ላይ፣ ሥራ ሲቀዘቅዝ፣ ትንሽ በትንሽ ሠራሁት። ታሪክ የለውም። ማን ገባ፣ ማን ወጣ የለም። ግን ዝም ብሎ የሚያየው ሰው ትንፋሹ ከበሮቹ ጋር መሄድ ይጀምራል፤ ይህን በጋሼ ላይ አይቻለሁ። አዲስ ነገር ነው ያለው ሰውዬ ይህን ይስማልኝ።

አሁን ስለ ቤታችን በር ልናገር። የምንኖረው ልደታ፣ ከቤተ ክርስቲያኑ ብዙ የማይርቅ ጠባብ ግቢ ውስጥ ነው፤ እናቴ፣ ታናሽ ወንድሜና እኔ። በቤታችን አንድ ሥርዓት አለ። ሁሉም ሰው ቤት እስኪገባ ድረስ በር አይዘጋም። ገርበብ ይላል። መወርወሪያውን የሚወረውረው መጨረሻ የገባው ሰው ነው። ያ ሰው ማታ ማታ ብዙውን ጊዜ ወንድሜ ነበር። ልጆች ሆነን «የመጨረሻው!» እያልን እናበሽቀዋለን። መወርወሪያው ቀጭ ሲል እናቴ «ተመስገን» ትላለች፤ ያኔ ነው እራት የሚቀርበው።

ወንድሜ አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ የወለቀ ጫማውን ሊያሰፋ ወደ ጌጃ ሰፈር ወጣ። አልተመለሰም። ጫማ ሰፊው ሁለት ሰዎች አነጋገሩት፣ ይዘውት ሄዱ አለ። ከዚህ በላይ የሚያውቀው የለውም፤ ቢያውቅም አይናገርም። እናቴ ምግብ ይዛ ያልሄደችበት እስር ቤት የለም። የትም ቦታ «እዚህ የለም» ነው መልሱ። ሞቷል አይሏትም፣ አለ አይሏትም። በዚያ ዘመን ልቅሶም ፈቃድ ይፈልግ ነበር። ብታለቅስ «ለማን ነው?» የሚል አለ፤ ባታለቅስ ሆዷ ይቃጠላል። ታዲያ ያደረገችው አንድ ነገር ብቻ ነው። በሩን አልዘጋችም።

ቀንም ማታም ገርበብ ይላል። ክረምት ዝናቡ እየገባ ወለሉን ያርሰዋል፣ እሷ ጆንያ ታነጥፍበታለች። የቀበሌው አብዮት ጥበቃ እየመጣ «እማማ፣ በር ይዝጉ፤ ለጸጥታ ጥሩ አይደለም» ይላታል። «እሺ ልጄ» ትለዋለች። እሱ ፊቱን ሲያዞር በሩ ገርበብ እንዳለ ነው። እኔም መጀመሪያ ሰሞን «እማዬ፣ ብርዱ ይገድለናል» ብያት ነበር። «የመጨረሻው ሰው መቼ ገባና ነው የምዘጋው?» አለችኝ። ዳግመኛ አላነሳሁትም።

እንግዲህ መደርደሪያ ላይ ከተከመሩት ፊልሞች አንዱ አናቱም ጭራውም የጠፋ፣ ከየት አገር እንደመጣ የማይታወቅ ጥቁርና ነጭ ፊልም ነበር። ስገለብጠው አንድ ቦታ ላይ እጄ ቆመ። የእንጨት በር ነው፣ ገርበብ ያለ። በስንጥቁ የገባ ብርሃን ወለሉ ላይ እንደ መቀነት ተዘርግቷል። ነፋስ በሩን ትንሽ ይገፋዋል፣ ይመልሰዋል። ማንም አይገባም። የፊልሙ ባለቤት ማን እንደሆነ ባላውቅም ምን እንደቸገረው አውቃለሁ፤ ካሜራውን ከዚያ ላይ ማንሳት አቅቶታል፣ ረጅም ነው። ሳልቆርጥ፣ አንድም ምስል ሳላጎድል፣ የፊልሜ መጨረሻ አደረግሁት። ያ ሁሉ በር ሲከፈትና ሲዘጋ ቆይቶ እዚያ ላይ ጸጥ ይላል።

እናቴ ሲኒማ ቤት ገብታ አታውቅም። አንድ ቀን ከቤተ ክርስቲያን ስትመለስ መጋዘኑ ጎራ አለች። ጋሼ ወንበር ሰጣትና «እሜቴ፣ የልጅዎን ሥራ ልዩ» ብሎ ግድግዳው ላይ አጫወተላት። በሮቹ ሲከፈቱና ሲዘጉ ነጠላዋን አፏ ላይ ይዛ ታያለች። የመጨረሻው በር ሲመጣ ተነስታ ቆመች። ግድግዳው ጋ ሄዳ በእጇ ነካችው፤ ብርሃኑ እጇ ላይ አረፈ።

«ይሄ የኛ በር ነው» አለች።

«እማዬ፣ የሌላ አገር ነው።»

«ይሁና። የኛ ነው።» ዞራ አየችኝ። «ሰው ያየዋል ወይ? ብዙ ሰው?»

«ለምን እማዬ?»

«እኔ አደባባይ ወጥቼ ልጄን ብዬ መጮህ አልችልም። ይሄ ግን ያለ አፍ ይናገራል። ከሚያዩት ውስጥ አንድ የሚያውቅ ሰው ቢኖር ይገባዋል፤ የት እንዳለ ሹክ ይለኛል። እሱም በሕይወት ካለ በሆነ መንገድ ይሰማል። እናትህ አልዘጋችም ይሉታል።»

ከዚያ በኋላ በመጣች ቁጥር «መቼ ነው የሚታየው?» ትላለች። እኔ ለራሴ ደስታ የጀመርኩት ነገር የእናቴ አቤቱታ ሆነ። ያንን አንድ በር ሰው ፊት ማድረስ ነበረብኝ፤ ሌላው ባይደርስም ያ መድረስ ነበረበት።

ዕድሉ የመጣ የመሰለኝ የበዓል ዝግጅት ላይ ነው። እያንዳንዱ የሥራ ክፍል አንድ የኪነት ሥራ ያቅርብ ተባለ፤ ቦታው የቀበሌው አዳራሽ፣ ጊዜው እሁድ ከሰዓት። ሌላው ክፍል ዘፋኝ አለው፣ ግጥም አንባቢ አለው። የኛ ክፍል ጋሼና እኔ ነን። የመሥሪያ ቤቱ ካድሬ፣ ካኪ ለብሶ፣ ደረት ኪሱ ላይ ሦስት እስክሪብቶ ሰክቶ መጣና «የእናንተ ክፍል ምን አለው?» አለ። ጋሼ ሳያማክረኝ «ፊልም አለን» አለው። ካድሬው ዓይኑ በራ። ፊልም ያቀረበ ክፍል እስከዚያ ድረስ አልነበረም።

ከመታየቱ በፊት ግን መገምገም አለበት። አንድ ቀን ጠዋት ካድሬው የሂሳብ ክፍሉን ሰውና ሌላ አንድ የማኅበር ተመራጭ ይዞ መጋዘኑ ውስጥ ተቀመጠ። ጋሼ ማሽኑን አስነሳ። በሮቹ ተከፈቱ፣ ተዘጉ። መጨረሻ ላይ ያቺ በር ገርበብ ብላ ነፋስ ሲገፋትና ሲመልሳት ቆየ። መብራቱ በራ። ሦስቱም ሌላው ምን እንደሚል እየጠበቁ እርስ በርስ ይተያያሉ።

በመጨረሻ የሂሳብ ክፍሉ ሰው ጉሮሮውን ጠራረገና «የማን መደብ በሮች ናቸው?» አለ።

አልሳቅሁም። በዚያን ጊዜ እንዲህ ዓይነት ጥያቄ አያስቅም። «የሁሉም» አልኩ። «የሀብታም አለ፣ የድሃ አለ።»

«ትንተና ይጎድለዋል» አለ ተመራጩ።

ካድሬው እጁን አንስቶ ዝም አሰኛቸው። ለጥቂት ወራት ውጭ አገር ተልኮ የተመለሰ ሰው ስለሆነ የመጨረሻው ቃል የእሱ ነው። ተነስቶ ወዲያ ወዲህ እያለ ያብራራ ጀመር። የሚከፈቱት በሮች ጥሩ ናቸው፤ አብዮቱ ለሰፊው ሕዝብ የከፈታቸው በሮች ናቸው። ይህን ሲል ሁለቱ በእፎይታ ራሳቸውን ነቀነቁ። የሚዘጉት ግን አድሃሪ ናቸው፤ ይውጡ።

«ካልተዘጋ እንዴት ይከፈታል?» አልኩት። «መጀመሪያ ተዘግቶ መታየት አለበት እኮ።»

«ጓዲት፣ በአብዮታችን አንዴ የተከፈተ በር አይዘጋም።»

ይህን የሚለኝ ሽንት ቤት ሲሄድ እንኳ ቢሮውን ሁለት ጊዜ ቆልፎ፣ እጀታውን ነቅንቆ አይቶ የሚወጣ ሰው ነው።

«የመጨረሻው ግን ከሁሉም የባሰ ነው» ብሎ ቀጠለ። «የተዘጋው አድሃሪ መሆኑ ይታወቃል። ይሄኛው ግን ምንድን ነው? አልተከፈተም፤ አልተዘጋም። አቋሙ ግልጽ አይደለም።» ትንሽ አሰበና ጣቱን ቀሰረ። «ይሄ በር ወላዋይ ነው።»

የሂሳብ ክፍሉ ሰው ይህን ማስታወሻው ላይ ጻፈ። በእግዚአብሔር ስም፣ ጻፈው! ሦስት ያደጉ ሰዎች፣ ጤነኞች፣ ልጆች ያሏቸው፣ አንድ እንጨት ላይ ተሰብስበው በወላዋይነት ፈረዱበት። በዚያ ቃል ስንት ሰው ከቤቱ እንደተወሰደ አገር ያውቃል። ያን ቃል ለሰው ሲጠቀሙበት ከርመው ሰው አልበቃ ሲላቸው ወደ በር ዞሩ።

ከሁሉ በላይ አንጀቴን ያሳረረው ግን መከራከር አለመቻሌ ነው። ያለኝ መልስ አንድ ነው። ይህ በር አይወላውልም፤ እንደውም በዚህ ሰፈር እንደሱ የጸና አቋም ያለው የለም፤ የሚጠብቀው ሰው አለው። ይህን ብል «ማንን?» ይሉኛል። «ወንድሜን» ብል እኔም ላልመለስ እችላለሁ፤ እናቴ በአንድ በር ሁለት ሰው ልትጠብቅ ነው። አፌ ላይ የደረሰውን ቃል ዋጥኩት። ዛሬም ጉሮሮዬ ላይ አለ።

«እኔ አልቆርጠውም» አልኩ ብቻ።

ጋሼ ደነገጠ። ከማሽኑ ጀርባ ሆኖ በዓይኑ ይለምነኛል። ካድሬው ግን አልተቆጣም፤ ሳቅ አለና ምላጬን ከጠረጴዛዬ ላይ አነሳ። መቁረጥ አያውቅበትም። ምስልና ምስል መካከል ያለው መስመር ላይ ሳይሆን ምስሉን መሐል ለመሐል ሰነጠቀው፤ በሩን ለሁለት ገመሰው። ፊልሙን ጎትቶ እጁ ላይ ጠቀለለው። ጥግ ላይ ለበዓሉ የተዘጋጀ ተጠቅልሎ የቆመ የመፈክር ጨርቅ ነበር፤ እየተፈታ አስቸግሮታል። የእናቴን በር ወስዶ መፈክሩን አሰረበት። ጥብቅ አድርጎ፣ ሁለት ጊዜ ቋጥሮ።

«ፊልም ጠንካራ ገመድ ነው» አለና ጨርቁን ትከሻው ላይ አድርጎ ወጣ።

የሚዘጉትን በሮች እኔው ቆርጬ አወጣሁ፤ ጋሼ አጠገቤ ቆሞ «ተይ ልጄ፣ ዛሬ እልህሽን ዋጥ አድርጊ፤ ለእናትሽ ስትይ» እያለኝ። ድምፁም ይጥፋ ተባለ፤ በቦታው የሰልፍ ሙዚቃ በቴፕ ይለቀቃል። የቀረው ነገር ምን እንደሚመስል ታውቃላችሁ? በሮች ይከፈታሉ። ይከፈታሉ። ይከፈታሉ። ማንም አይዘጋቸውም፣ ማንም አይገባባቸውም። ሌባ የገባበት ሰፈር ነው የሚመስለው።

እሁድ ጠዋት ለእናቴ ነገርኳት። ቀድሞውንም ሊሆን የማይችል ነገር ተስፋ አድርጋ ብትሄድ አልወድም። «እማዬ፣ በራችንን አውጥተውታል» አልኳት። የምትለብሰውን ቀሚስ እያጠፈች ነበር፤ ማጠፏን አላቆመችም።

«ለምን?»

«ወላዋይ ነው ብለው።»

ቀሚሱን ዘረጋችው። «ምነው፣ እኔ ወላውዬ አውቃለሁ?» አለች። ከዚያም ለበሰችው፣ ነጠላዋን አጣፋች። «ነይ እንሂድ። ይረፍድብናል» አለችኝ።

የቀበሌው አዳራሽ ሰው ጢም ብሎበታል። ጸሐዩ ከውጭ ያቃጥላል፤ መስኮቶቹ በብርድ ልብስ ተሸፍነዋል። ፊት ለፊት ቦታ ይዤላት ነበር፤ እሷ ግን አልፈልግም ብላ ከኋላ፣ በሩ አጠገብ ካለው አግዳሚ ጫፍ ላይ ተቀመጠች። ዓይኗ ስለደከመ ከፊት ብትሆን ይሻላት ነበር። ምን አሰበች ብዬ አልጠየቅሁም። መድረኩ ላይ ያ መፈክር ተዘርግቶ ተሰቅሏል። የታሰረበት ነገር የት እንደተጣለ በዓይኔ ፈለግሁ፣ አላገኘሁትም።

ዘፈን ሆነ፣ ግጥም ሆነ፣ ንግግር ሆነ። ከዚያ ካድሬው ወጥቶ «አሁን የምታዩት አብዮታዊ የፊልም ሥራ ነው» ብሎ የበሮቹን ትርጉም አስረዳ። ያለ ማብራሪያ ፊልም አይታይም ነበር፤ ሰዉ ዓይኑን ከመክፈቱ በፊት ምን እንደሚያይ ይነገረዋል። መብራት ጠፋ። የሰልፉ ሙዚቃ ጮኸ። የመጀመሪያው በር ተከፈተ፣ ሁለተኛው ተከፈተ። አንዳንዱ ያጨበጭባል፣ አንዳንዱ የህንዱን ፊልም በር አውቆት «እንዴ!» ይላል። እኔ ከማሽኑ ጎን ቆሜ እጄን ጨብጬ አያለሁ። የራሴ ሥራ ነው፤ ግን ገላዬን የለበሰ ሌላ ሰው የማይ ነው የመሰለኝ።

በዚህ መሐል ከኋላ የበር ማጠፊያ ድምፅ ሰማሁ። ይህኛው የፊልም ድምፅ አይደለም። እናቴ ተነስታ የአዳራሹን በር ከፈት አድርጋዋለች። ብዙ አይደለም፣ ገርበብ ነው ያደረገችው። የከሰዓቱ ጸሐይ በስንጥቁ ገብቶ በሰዉ ራስ ላይ አለፈና ስክሪኑ ላይ ዘንጉን አጋደመ። የካድሬው በሮች ነጡ። ሲከፈቱ አይታዩም፤ የሚታየው ያ አንድ የብርሃን መስመር ብቻ ነው።

«በሩን ዝጉት!» የሚል ጩኸት ከፊት ተነሳ። «ማነው እዚያ? ዝጉት!»

እናቴ በሩን በአንድ እጇ ይዛ ቆማለች። ካድሬው በሰዉ መሐል እየተጋፋ ደረሰ። እዚያ ያሉት ሁሉ እንዲሰሙት ሳይሆን እንዳይሰሙት ብሎ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «እማማ፣ ምን እያደረጉ ነው? ፊልሙ አልታይ አለ እኮ። በሩን ይዝጉ።»

እናቴ ድምጿን አልቀነሰችም። «የሚመጣ ልጅ አለኝ» አለች። «ገርበብ ይበል።»

ሙዚቃው ብቻ ነው የሚጮኸው፤ ትንሽ ቆይቶ እሱም ተቋረጠ። በኋላ ጋሼ የቴፑ ገመድ በእግሬ ተነቀለ አለ፤ እሱ በማሽኑ ዙሪያ ዓይኑን ጨፍኖ የሚሄድ ሰው ነው። ካድሬው በዙሪያው ያሉትን ፊቶች አየ። ከአግዳሚው ላይ አንዲት ጥቁር የለበሰች ሴት፣ የማላውቃት፣ ወደ ስክሪኑ እያየች «የኔም አለ። ተዉት፣ ገርበብ ይበል» አለች። ከወዲያ ጥግ ሌላ የሴት ድምፅ «ተዉት» አለ። ሌላም። ሰዉ ወደ ኋላ ዞሮ አልተመለከተም፤ ሁሉም ፊት ለፊቱን ያንን የብርሃን መስመር እያየ ነው። ካድሬው እጁን ወደ በሩ እጀታ ዘረጋ፤ እዚያ የእናቴ እጅ አለ። እጁን መለሰ።

ፊልሙ በጸጥታ እስከ መጨረሻው ተጫወተ። በሮቹ እንደተከፈቱ ማንም ሳያያቸው አለቁ።

ሰው መውጣት ጀመረ። በሩ ሰፊ ነው፣ ሁለት ሳንቃ ነው፤ በርግደው ሊከፍቱት ይችሉ ነበር። ማንም አልበረገደውም። አንድ በአንድ፣ ትከሻቸውን እያጠበቡ በዚያች ስንጥቅ ሾለኩ፣ ሲወጡም በሩን እንዳለ ተዉት። አንዳንዶቹ ሴቶች ሲያልፉ የእናቴን እጅ ነካ ያደርጋሉ። ስለ ወንድሜ ግን ማንም ሹክ ያላት የለም፤ ያን ዕለትም፣ ከዚያ በኋላም። እሷም እስክትሞት ድረስ መወርወሪያውን አልወረወረችም። አሁን እኔ ነኝ የምኖርበት፤ እኔም አልወረውርም።

የዚያን ዕለት ከአዳራሹ መጨረሻ የወጣው ካድሬው ነው። ቁልፉ በእጁ ነበር፣ ቀበሌው እንዲዘጋ አደራ ብሎታል። በሩ ላይ ቆመ፣ እናቴን አየ፣ ቁልፉን ኪሱ ከተተና በሩን ገርበብ እንዳለ ትቶት ሄደ። ይህን በዓይኔ አይቻለሁ። ቢሆንም ይቅር አላልኩትም።